የግሌንዳ ጃክሰን ጥበበ ተውኔት



ዛሬ በፊታችሁ የቆምሁት ስለ እንግሊዛዊቷ ተዋናይት ስለ ግሌንዳ ጃክሰን ለመናገር ነው። በሲኒማ ዓለም ከሚታደሉት ሽልማቶች ሁሉ በላይ ሆኖ የሚቈጠረውን ኦስካርን ሁለት ጊዜ ስለ ተቀበለች፣ ዜና ሕይወቷን የሚጽፉ ሰዎች አብዛኛውን ጊዜ ነገራቸውን የሚጀምሩት ከዚያው ነው፤ እኔ ግን ሥራዎቿን ደጋግሜ ተመልክቼ የደረስሁበት አሳብ ከዚህ የተለየ ስለ ሆነ፣ አስቀድሜ እርሱን ገልጬ ዝርዝሩን ወደ ኋላ ማምጣቱን መርጫለሁ። ግሌንዳ ጃክሰንን ያከበራት ሲኒማ ነው፤ በሙሉ መልኳ የገለጣት ግን ቴሌቪዥን ነው። ልዩ ተሰጥዎዋ ዘመን በሰው ላይ የሚሠራውን ሥራ፣ ይኸውም ልጅነት ወደ ጕልምስና፣ ጕልምስናም ወደ እርጅና ሲሻገር ነፍስ የምታተርፈውንና የምታጐድለውን ሁሉ፣ በአካሏና በድምፅዋ ማሳየት ስለ ነበረ፣ በሁለት ሰዓት የሚያልቅ ፊልም ለዚህ ተሰጥዎ ጠባብ ቤት ሆኖባት ኖሯል። የምጠራቸው ዓመታት ሁሉ በአውሮፓውያን አቈጣጠር መሆናቸውን ከወዲሁ ላስታውቅ።

በ1971 ዓ.ም. ከፌብሩዋሪ አጋማሽ ጀምሮ፣ ቢ.ቢ.ሲ. ስለ ቀዳማዊት ኤልሣቤጥ ያዘጋጀውን «ኤልሣቤጥ አር» የተባለ ባለ ስድስት ክፍል ድራማ በሁለተኛው የቴሌቪዥን ጣቢያው በየሳምንቱ ማሳየት ጀመረ። እያንዳንዱ ክፍል አንድ ሰዓት ተኩል ገደማ የሚፈጅ ሲሆን፣ ስድስቱን ክፍሎች የጻፉት ስድስት ልዩ ልዩ ደራስያን ነበሩ፤ አዘጋጆቹም ከክፍል ወደ ክፍል ይለዋወጡ ነበር። ይህ አሠራር በተዋናይቱ ላይ ምን ያህል ሸክም እንደሚጥል ልብ በሉ። አንዱ ደራሲ ንግሥቲቱን በፍርሃት የምትኖር ኰረዳ፣ ሌላው በፍቅርና በዙፋን መካከል የምትዋልል ሴት፣ ሌላው ሤራን በሤራ የምትመልስ የመንግሥት ሰው፣ ሌላው ደግሞ ወዳጆቿ ሁሉ ቀድመዋት ያለፉ አሮጊት አድርጎ ሲጽፋት፣ እነዚህ ሁሉ ሴቶች አንዲት ሴት መሆናቸውን ለተመልካቹ የማሳመኑ ኀላፊነት የወደቀው፣ ደራሲውም አዘጋጁም ሲለዋወጡ እርስዋ ከመጀመሪያው ትርኢት እስከ መጨረሻው በቦታዋ በጸናችው በግሌንዳ ጃክሰን ትከሻ ላይ ነበር።

በዚያን ጊዜ የ34 ዓመት ሴት ነበረች። ገና በዐሥራዎቹ ዕድሜ ካለች ልዕልት ተነሥታ፣ ንግሥቲቱ 44 ዓመት ነግሣ በ1603 ዓ.ም. በ69 ዓመቷ እስካረፈችበት ቀን ድረስ ያለውን ዘመን በሙሉ መሸከም ነበረባት። ግንባሯ በዘመኑ ሥዕሎች ላይ እንደሚታየው የንግሥቲቱ ግንባር ሰፊ ይሆን ዘንድ የፊት ጠጕርዋን ተላጨች፤ ልብሶቹም ከእነዚያው ሥዕሎች ተቀድተው የተሰፉ ነበሩ። ነገር ግን የጥበቧን ምሥጢር በቅቡና በልብሱ ውስጥ የሚፈልግ ሰው አያገኘውም። በመጀመሪያው ክፍል፣ አባቷ ሄንሪ ስምንተኛ እናቷን አን ቦሊንን በሰይፍ ያስቀጣባት፣ እኅቷ ማርያም ደግሞ በ1554 ዓ.ም. በለንደን ግንብ ያሳሰረቻት ያቺ ልጅ፣ የምትናገረውን እያንዳንዱን ቃል ከመናገሯ በፊት መዝና እንደምታወጣው ተመልከቱ፤ አንዲት የተሳሳተች ቃል አንገቷን ልታስቈርጥ እንደምትችል የምታውቅ ሰው ዝምታ እንዴት ያለ እንደ ሆነ በዐይኗ ትናገራለች። ያ መጠንቀቅ በሁለተኛውና በሦስተኛው ክፍል ወደ ብልኀት ይለወጣል፤ በአራተኛው ወደ ጭካኔ ይጠጋል፤ በስድስተኛው ግን፣ የምትወደውን የኤሴክሱን መስፍን በ1601 ዓ.ም. ለሞት ከሰጠች በኋላ፣ የሚጠነቀቁለት ነገር ስለ ሌለ ብቻ የቀረ ልማድ ይሆናል። ድምፅዋም እንዲሁ ነው፤ መጀመሪያ ላይ የምንሰማው ፈጣንና ቀጭን ድምፅ፣ ሥልጣን እየለመደ ሲሄድ ይወፍራል፣ በመጨረሻም ደርቆ ይሰነጠቃል፤ ይህ ሁሉ ግን ከክፍል ወደ ክፍል ጥቂት በጥቂት ስለሚሆን ተመልካቹ የተለወጠበትን ሰዓት ለይቶ ሊናገር አይችልም። ታሪክ እንደሚነግረን ወደ አልጋዋ አልሄድም ብላ ለረጅም ሰዓት ቆማ ሞቷን የጠበቀችውን ንግሥት በመጨረሻው ክፍል ስታሳየን፣ ያቺ የተፈራች ልጅ ከአሮጊቷ ውስጥ እንዳልወጣች እናያለን።

በዚያው ዓመት ሲኒማው ያችኑ ንግሥት ደግማ እንድትጫወት ጠራት፤ ፊልሙ የስኮትላንድን ንግሥት የማርያምን ታሪክ የሚተርክ ሲሆን ማርያም የሆነችው ቫኔሳ ሬድግሬቭ ነበረች። ሁለቱም ታላላቅ ተዋንያት ናቸው፤ ስለ ፊልሙ ውበትም ክርክር የለኝም። ነገር ግን ሲኒማው በጥቂት ጊዜ ውስጥ ብዙ ነገር ለማሳየት ስለሚጣደፍ፣ በታሪክ አንድም ቀን ዐይን ለዐይን ያልተያዩትን ሁለቱን ንግሥታት ፊት ለፊት አገናኝቶ አጨቃጨቃቸው። በቴሌቪዥኑ ድራማ ግን ኤልሣቤጥ ያላየቻትን ዘመዷን ትገድላለች፤ ያላዩትን ሰው የመግደል ፍርሃትና ጸጸት በግሌንዳ ጃክሰን ፊት ላይ ለረጅም ጊዜ ሲመላለስ እናያለን። ያንኑ ገጸ ባሕርይ ያቺው ተዋናይት በአንድ ዓመት ውስጥ በሁለቱም መንገድ ስለ ሠራችው፣ አሳቤን ለማስረዳት ከዚህ የተሻለ ማስረጃ ማቅረብ አልችልም።

በቴሌቪዥን የነበረው አሠራርም ለእርስዋ ዐይነት ተዋናይት የሚስማማ ነበረ። አብዛኛው ትርኢት በስቱዲዮ ውስጥ፣ በአንድ ጊዜ በሚሠሩ ብዙ ካሜራዎች የተቀረጸ በመሆኑ፣ ተዋንያኑ እንደ ቴአትር መድረክ ረጅሙን ትርኢት ሳያቋርጡ ይጫወቱት ነበር፤ በዚያው ላይ ካሜራው ከፊታቸው ሳይርቅ ስለሚቆም፣ መድረክ የማይፈቅደውን የፊት ገጽ ረቂቅ እንቅስቃሴ ሁሉ ይለቅማል። የመድረክን ርዝመትና የፊልምን ቅርበት አንድ ላይ ያገኘች እንደ ማለት ነው። ድራማው በ1972 ዓ.ም. በአሜሪካ በታየ ጊዜ ሁለት የኤሚ ሽልማቶች አስገኝቶላታል።

ይህች ንግሥት ለመሆን የበቃች ሴት ከየት መጣች? በማርሲ ወንዝ ማዶ፣ ከሊቨርፑል ትይዩ በምትገኘው በበርከንሄድ ከተማ በሜይ 9 ቀን 1936 ዓ.ም. ተወለደች። አባቷ ግንበኛ፣ እናቷ በሱቅና በቤት ጽዳት ሥራ የምትተዳደር ሴት ነበሩ፤ ግሌንዳ ከአራት ሴቶች ልጆቻቸው የመጀመሪያዪቱ ናት። በ16 ዓመቷ ከትምህርት ቤት ወጥታ ቡትስ በተባለው የመድኃኒት መደብር ሁለት ዓመት ያህል አገለገለች፤ በትርፍ ጊዜዋ ከአማተሮች ማኅበር ጋር ቴአትር ስትሠራ ከቈየች በኋላም የነጻ ትምህርት ዕድል አግኝታ በ1954 ዓ.ም. ለንደን ወደሚገኘው ንጉሣዊ የድራማ ጥበብ አካዳሚ ገባች። እርስዋ እንደምትተርከው፣ የአካዳሚው ኀላፊ ዕድሜዋ አርባ እስኪደርስ ድረስ ብዙ ሥራ አገኛለሁ ብላ እንዳትጠብቅ ነግሯት ነበር፤ ምክንያቱም በዚያን ዘመን ለወጣት ተዋናይት ይሰጥ የነበረው ድርሻ መልከ መልካምነትን የሚሻ ሲሆን፣ እርስዋን እንደ ጕልማሳ ሴቶች ላለ ከባድ ድርሻ የተፈጠረች አድርገው ስላዩዋት ነው። ይህ ትንቢት ለብዙ ዓመታት እውነት መስሎ ታየ። ከአንዱ ክፍለ ሀገር ቴአትር ወደ ሌላው ስትዘዋወር፣ በመካከሉም ሥራ አጥታ ስትቀመጥ ዓመታት አለፉ። እኔ እንደሚመስለኝ ይህ የመከራ ዘመን አንድ የማይገኝ ነገር አተረፈላት፤ ከዚያን ጊዜ ጀምሮ ተዋናይነትን እንደ ክብርና እንደ ጌጥ ሳይሆን፣ አባቷ ግንብ ሲገነባ እንደሚሠራው ሥራ ማለዳ ተነሥቶ የሚሠራ ሥራ አድርጋ ተመለከተችው።

የብርሃኑ በር የተከፈተላት በ1964 ዓ.ም. ወደ ሮያል ሼክስፒር ካምፓኒ በገባች ጊዜ ነው። ስመ ጥሩው አዘጋጅ ፒተር ብሩክ በዚያን ጊዜ ከተዋንያን ጋር ልዩ ሙከራ ሲያደርግ ነበርና እርስዋንም መረጣት፤ የጀርመናዊውን የፒተር ቫይስን «ማራ ሳድ» የተባለውን ተውኔት ባዘጋጀ ጊዜም የሻርሎት ኮርዴን ድርሻ ሰጣት። ተውኔቱ በአንድ የአእምሮ ሕሙማን ቤት ውስጥ ሕሙማኑ የፈረንሳይን አብዮት ታሪክ ሲጫወቱ የሚያሳይ በመሆኑ፣ ግሌንዳ ሁል ጊዜ እንቅልፍ የሚጥላትን አንዲት ሕመምተኛ፣ ያችም ሕመምተኛ በበኩሏ አብዮተኛውን ማራን የገደለችውን ሻርሎት ኮርዴን ሆና መጫወት ነበረባት፤ በአንዱ ትርኢት ላይ የደራሲውን የማርኪ ደ ሳድን ጀርባ በረጅም ጠጕርዋ ስትገርፍ የታየው ነገር በለንደንም በኒው ዮርክም ብዙ አነጋገረ። በ1967 ዓ.ም. ተውኔቱ ፊልም ሆኖ ወጣ።

ስለ ሲኒማ ሥራዋ በአጭሩ ባልፍ አድማጮቼ ቅር እንዳይሉኝ፤ ብዙ የተጻፈበት ነገር ነው። ኬን ራስል ከዲ. ኤች. ሎረንስ ልብ ወለድ በ1969 ዓ.ም. ባዘጋጀው ፊልም የጉድሩንን ድርሻ ይዛ የመጀመሪያውን ኦስካር አገኘች፤ ያን ፊልም ስትሠራም ነፍሰ ጡር ነበረች። ጆን ሽሌሲንገር በ1971 ዓ.ም. «ሰንደይ ብለዲ ሰንደይ» በተባለው ፊልም አንድን ወጣት ከሌላ ሰው ጋር ተካፍላ ከመውደድ ጭራሽ አለመውደድ ይሻላል ወይስ አይሻልም የሚለውን ጥያቄ ከልቧ የምትከራከር ሴት አድርጎ አቀረባት፤ ከፊልሞቿ ሁሉ እኔ የማስቀድመው ይህንኑ ነው፤ ምክንያቱም የሴቲቱን ብቸኝነት የምታሳየው በእንባ ሳይሆን፣ ቡና ስታፈላ፣ ስልክ ስታነሣ፣ በር ስትከፍት ስለ ሆነ ነው።

ሁለተኛው ኦስካር የመጣበት መንገድ ግን ለያዝነው አሳብ ስለሚጠቅም ቆም ልበልበት። ኤሪክ ሞርከምና ኤርኒ ዋይዝ የተባሉት በእንግሊዝ አገር የተወደዱ የቴሌቪዥን ኮሜዲያን በ1971 ዓ.ም. በዝግጅታቸው ላይ ጋብዘዋት፣ እርስዋም ክሊዎፓትራ ሆና ከእነርሱ ጋር ሕዝቡን አሳቀች። የንግሥቲቱን ኤልሣቤጥን ግርማ ያየው ሕዝብ ያችን ሴት በዚያው ግርማ ቀልድ ስትናገር ባየ ጊዜ የተደሰተውን ያህል፣ ሜልቪን ፍራንክ የተባለው አሜሪካዊ የፊልም አዘጋጅም ተመልክቷት በአስቂኝ ፊልም ልትሠራ እንደምትችል ተረዳ፤ በ1973 ዓ.ም. ከጆርጅ ሲጋል ጋር የሠራችው «ኤ ተች ኦቭ ክላስ» የተወለደው ከዚህ ነው። እንግዲህ የሲኒማው ዘውድ እንኳ የመጣው በቴሌቪዥን በኩል ነው። ሁለቱም ሽልማቶች በተሰጡ ቀን ግሌንዳ ጃክሰን በአዳራሹ ውስጥ አልነበረችም፤ በሽልማት ላይ የነበራት አስተያየት፣ ሥራውን የተሻለ አያደርገውም የሚል ነበር።

ከዚያ በኋላ የመጡት ዓመታት ለሲኒማም ለመድረክም መልካም ነበሩ፤ የባለቅኔዪቱን የስቲቪ ስሚዝን ሕይወት በ1978 ዓ.ም. ስትጫወት ያሳየችው ትሕትናም ብዙ ሊነገርለት የሚገባ ነበር። ሆኖም በ1992 ዓ.ም. በጠቅላላው ምርጫ የሠራተኛው ፓርቲ ዕጩ ሆና በሰሜን ለንደን ከሃምፕስቴድና ሃይጌት ተመረጠችና፣ 55 ዓመት ከሞላት በኋላ ጥበቧን ትታ ወደ ፓርላማ ገባች። ፓርቲዋ በዚያ ምርጫ ተሸንፎ ስለ ነበረ፣ ሥልጣን ፍለጋ ገባች ሊላት የሚችል የለም። በማርጋሬት ታቸር መንግሥት ዘመን ድኾች የደረሰባቸውን መከራ ዝም ብዬ ማየት አልችልም ብላ ነው የገባችው። ከ1997 እስከ 1999 ዓ.ም. በትራንስፖርት ሚኒስቴር ውስጥ በዝቅተኛ ሚኒስትርነት አገለገለች፤ በኢራቅ ላይ የተደረገውን ጦርነት የራሷ ፓርቲ መሪ እያዘዘው ተቃወመች፤ በ2010 ዓ.ም. በ42 ድምፅ ብልጫ ብቻ አሸንፋ ወንበሯን አተረፈች። በኤፕሪል 2013 ዓ.ም. ታቸር ባረፈች ጊዜ የምክር ቤቱ አባላት ተራ በተራ እየተነሡ ሲያወድሷት፣ እርስዋ ተነሥታ ስለ ተጎዱት ሆስፒታሎች፣ ስለ ተበጣጠሱት የትምህርት ቤት መጻሕፍት፣ በየበሩ ደጃፍ ስለሚያድሩት ሰዎች በተቃዋሚዎቿ ጩኸት መካከል ድምፅዋን ሳትቀንስ ተናገረች። በዚያ ሰዓት የለቅሶ ሥርዓት መጠበቅ ነበረበት የሚሉ ብዙዎች ናቸው፤ እኔ ግን የመራጮቿን ኑሮ እያወቀች ሥርዓቱን ጠብቃ ዝም ብትል ኖሮ ይበልጥ አዝን ነበር።

አንዳንድ ጸሓፊዎች እነዚህን 23 የፓርላማ ዓመታት ከጥበብ የተሰረቁ ዓመታት አድርገው ሲቈጥሩ አያለሁ። ይህ አስተያየት የኋለኛውን ሥራዋን በሚገባ ካለማየት የመጣ ይመስለኛል። ከሕዝብ ጉዳይ ጋር የኖረች፣ በየሳምንቱ መራጮቿ ቤት አጣሁ፣ እናቴን የሚጠብቃት አጣሁ እያሉ ፊቷ ተቀምጠው ሲነግሯት የሰማች ሴት፣ ወደ መድረክ ስትመለስ የያዘችው ስንቅ ከዚያ በፊት ያልነበራት ነው። በ2015 ዓ.ም. ከፓርላማ ወጥታ፣ በተከታዩ ዓመት በኦልድ ቪክ ቴአትር በዴቦራ ዋርነር አዘጋጅነት የሼክስፒርን ንጉሥ ሊርን ተጫወተች። ንጉሡን ወደ ንግሥት ሳትለውጥ፣ በ80 ዓመቷ፣ ከሩብ ምዕተ ዓመት ገደማ በኋላ ወደ መድረክ ስትመለስ ለወንዶች ታላላቅ ተዋንያን እንኳ የሚከብደውን ድርሻ መረጠች። በ2018 ዓ.ም. ደግሞ በኒው ዮርክ በኤድዋርድ ኦልቢ ተውኔት የቶኒ ሽልማት አግኝታለች።

አሁን ወደ ቴሌቪዥኑ እንመለስ። በዲሴምበር 2019 ዓ.ም. ቢ.ቢ.ሲ. ከኤማ ሂሊ ልብ ወለድ የተወሰደውን «ኤልሣቤጥ ኢዝ ሚሲንግ» የተባለ ድራማ አሳየ፤ ግሌንዳ ጃክሰን በዚያን ጊዜ 83 ዓመቷ ነበር። ሞድ የምትባል አሮጊት፣ ኤልሣቤጥ የተባለች ወዳጇ የት እንደ ገባች ትፈልጋለች፤ ነገር ግን የመርሳት በሽታ ስለ ያዛት በወረቀት ቍራጭ እየጻፈች በኪሷ የምትይዘው ማስታወሻ ራሱ ይምታታባታል፤ ከሁለተኛው የዓለም ጦርነት በኋላ ጠፍታ የቀረችው እኅቷም ከወዳጇ ጋር ትቀላቀልባታለች። በ1971 ዓ.ም. በ34 ዓመቷ የሌላትን እርጅና በራሷ ላይ መጨመር የነበረባት ተዋናይት፣ አሁን እርጅናው የራሷ ሆኖ ሳለ የማስታወስን ኀይል ከራሷ ላይ መቀነስ ነበረባት፤ የሊርን ቃለ ተውኔት ሁሉ በአእምሮዋ ይዛ ለመድረክ የበቃችው ሴት፣ የገዛ ልጇን የማትለይ ሴት ስትሆን ማለት ነው። ሞድን እንደ ሕፃን የምታሳዝን አሮጊት አድርጋ አላቀረበቻትም። ትቈጣለች፣ ትሳደባለች፣ እኔን አትሰሙኝም ብላ ጠረጴዛ ትመታለች፤ ምክንያቷ የተበጣጠሰ ቢሆንም የምትፈልገው ነገር እውነት መሆኑን ስለምታውቅ፣ ተመልካቹ በሴት ልጇ ድካምና በእርስዋ እልኸኝነት መካከል ተይዞ ለማን እንደሚያዝን ይቸግረዋል። በሕሙማን ላይ የሚሠሩ ብዙ ድራማዎች ሕመምተኛውን ለቤተሰቡ ሐዘን ምክንያት ብቻ ያደርጉታል፤ እዚህ ግን በሽታው ከውስጥ፣ ከሕመምተኛዋ ልቡና ነው የሚታየው። ለዚህ ሥራ በ2020 ዓ.ም. የባፍታ ሽልማት፣ እንዲሁም ዓለም አቀፉ ኤሚ ተሰጥቷታል፤ እርስዋ ግን በዚያ ወቅት በተጠየቀች ቍጥር ስለ ሽልማቱ ከመናገር ይልቅ፣ አገሯ ለአረጋውያን የምታደርገው እንክብካቤ እጅግ የጐደለ መሆኑን አጥብቃ ትናገር ነበር።

በጁን 15 ቀን 2023 ዓ.ም. ለንደን ውስጥ በመኖሪያ ቤቷ በ87 ዓመቷ ዐረፈች። ከማይክል ኬን ጋር የሠራችው የመጨረሻ ፊልም፣ በኖርማንዲ የተደረገውን የጦርነት ቀን 70ኛ ዓመት ለማክበር ከአረጋውያን ቤት ጠፍቶ የሄደውን የአረጋዊውን ወታደር ታሪክ የሚያሳየው «ዘ ግሬት ኤስኬፐር»፣ ለሕዝብ የወጣው ከዕረፍቷ አራት ወር ገደማ በኋላ ነው። ሁለቱ ተዋንያን በ1975 ዓ.ም. በአንድ ፊልም ባልና ሚስት ሆነው ሠርተው ነበርና፣ ከ48 ዓመት በኋላ እንደገና ባልና ሚስት ሆነው ታዩ።

ከመካከላችሁ ሥራዋን ለማየት የሚፈልግ ሰው ቢኖር፣ ከሁለቱ ባለ ኦስካር ፊልሞች እንዳይጀምር እለምነዋለሁ። «ኤልሣቤጥ አር»ን ከመጀመሪያው ክፍል ጀምሮ በተራ፣ አንዱንም ሳይዘል፣ ከተቻለም በጥቂት ቀናት ውስጥ ይመልከት፤ ከዚያም በማግስቱ «ኤልሣቤጥ ኢዝ ሚሲንግ»ን ያስከትል። ፊልሞቹን ከዚያ በኋላ ቢያያቸው እኔ የማላውቀውን ነገር ጭምር ያገኝባቸው ይሆናል፤ ያገኘውን ቢነግረኝም በደስታ እሰማለሁ።